ሰልባጅ የሸጡ እናቶችና የሌክሳይድ ትምህርት ቤት
(በሲያትል ለሚኖሩ ኢትዮጵያውያን ወላጆች ከተደረገ ንግግር የተጻፈ)

የተከበራችሁ እናቶችና አባቶች፣ ወንድሞችና እህቶች፤ እንደምን ዋላችሁ። አዘጋጆቹ ሲጋብዙኝ "ልጆቻችንን የት እናስተምር?" በሚለው ላይ እንድናገር ነበር። እኔ የትምህርት ባለሙያ አይደለሁም፤ የምንኖርባትን ከተማ ታሪክ ማንበብ የምወድ ሰው ነኝ። ስለዚህ ምክር ከምሰጥ ይልቅ የአንድ ትምህርት ቤት ታሪክ ልንገራችሁ ብዬ ተነሥቻለሁ። ምክሩን ከእኔ ቀጥሎ ከሚናገሩት ታገኙታላችሁ።

የማወራው ስለ ሌክሳይድ ነው። ስሙን ያልሰማችሁ ብትኖሩ እንኳ ቢል ጌትስና ፖል አለን የተማሩበት ነው ስላችሁ ወዲያው ታውቁታላችሁ። ብዙ ጊዜ የምንሰማው ታሪክ አጭር ነው፤ የሀብታም ልጆች ውድ ትምህርት ቤት ገቡ፣ ማንም ያላየውን ኮምፒውተር አገኙ፣ ከዚያ ማይክሮሶፍት ተፈጠረ። ይህ ውሸት አይደለም። ነገር ግን መካከሉ ተዘልሏል፤ የተዘለለው ደግሞ እዚህ አዳራሽ ውስጥ ያለነውን የሚመለከተው ክፍል ነው። ማሽኑን ማን ገዛው? በማን ገንዘብ? ማንስ እንዳይነካው ሆኖ ቀረ? እኔን የሚያስገርመኝ ይህ ነው።

የምጠራቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው። አንድ ቦታ ላይ ብቻ ወደ ራሳችን ካላንደር እመለሳለሁ፤ ስደርስበት ምክንያቱ ይገባችኋል።

በመጀመሪያ ይህ ምን ዓይነት ትምህርት ቤት ነው? እኛ አገር "የግል ትምህርት ቤት" ሲባል ባለቤት አለው፤ አቶ እገሌ ወይም ወይዘሮ እገሊት ከፍተውታል፣ ትርፉም ኪሳራውም የእነርሱ ነው። የሃይማኖት ተቋም ከሆነም ቤተ ክርስቲያኑ ወይም ሚሲዮኑ ያዝበታል። እንደ ሌክሳይድ ያሉት ግን ባለቤት የላቸውም። የሚመራቸው የባለአደራዎች ቦርድ ነው፤ ርዕሰ መምህሩን የሚቀጥረውም የሚያሰናብተውም እርሱ ነው። የቦርዱ አባላት ባብዛኛው ወላጆችና የቀድሞ ተማሪዎች ናቸው፤ ትርፍ የሚካፈል የለም። መንግሥት በጀት አይሰጥም፣ ሥርዓተ ትምህርቱንም አይወስንም። የሚተዳደሩት በክፍያ፣ በስጦታና ከዓመት ዓመት በተጠራቀመ ቋሚ ገንዘብ ነው። ልጁ ማታ ወደ ቤቱ ይመለሳል፣ አዳሪ አይደለም፤ ከገባበት ቀን ጀምሮ ደግሞ ሥራው ሁሉ ወደ ኮሌጅ ያነጣጠረ ነው። ታሪኩ እንግዲህ ከዚህ ይነሣል። ባለቤት የሌለው ትምህርት ቤት የሚሆነው፣ በዙሪያው ያሉ ሰዎች እንዲሆን የፈለጉትን ነው። መልካሙም ክፉውም ከእነርሱ ይመጣል።

ፍራንክ ሞራን የሚባሉ ሰው በቤይንብሪጅ ደሴት ላይ የወንዶች ትምህርት ቤት ነበራቸው። በ1919 ከባሕሩ ወዲህ፣ ሲያትል ውስጥ፣ በዋሽንግተን ሐይቅ ዳርቻ ዴኒ ብሌን በሚባለው ሰፈር፣ ለትንንሽ ወንዶች ልጆች ሌላ ከፈቱ። በ1920ዎቹ ይህ ትንሹ ትምህርት ቤት ከመሥራቹ እጅ ወጥቶ ራሱን ቻለ፤ ስሙም የሌክሳይድ የወንዶች የቀን ትምህርት ቤት ሆነ፤ ግቢም ቀየረ። በ1930 እንደገና ጓዙን ጠቅልሎ ወደ ሰሜን፣ ዛሬ ወዳለበት ሃለር ሌክ አካባቢ ሄደ። የለቀቀው ግቢ ዛሬም ትምህርት ቤት ነው፤ ሄለን ቡሽ በ1924 የጀመሩት የቡሽ ትምህርት ቤት እዚያ ይገኛል። የአክሲዮን ገበያው የወደቀው በ1929 ጥቅምት ነው። ያ ከሆነ ዓመት ሳይሞላ አካባቢ አዲስ ግቢ ገንብቶ መግባት ድፍረት ይጠይቃል፤ ወይም ደግሞ ኪሳቸው ያልተነካ ወላጆች ይጠይቃል። ሁለቱም ሳይኖሩ አይቀሩም።

ስለሚቀጥሉት ሠላሳ ዓመታት ብዙ የምለው የለኝም። የአሜሪካ ምሥራቅ ጠረፍ አሮጌ ትምህርት ቤቶችን የመሰለ ቀይ ጡብ፣ ኮትና ክራባት ያደረጉ ወንዶች ልጆች፣ ከከተማው ልጆች ጋር አብረው የሚኖሩ አዳሪዎችም ነበሩ። አዳሪነቱ በኋላ ቀረ። ከዚያ ዘመን ተማሪዎች መካከል የዋሽንግተን ግዛት ገዥ የሆኑት ቡዝ ጋርድነር አሉ፤ በቴሌቪዥን ባትማን ሆኖ የምናውቀው አዳም ዌስትም አለ። በሞላ ጎደል ሁሉም ነጮች ነበሩ። ሴት ልጅ አልነበረችም።

በ1965 አንድ ነገር ተከሰተ። ትምህርት ቤቱ በክረምት ባዶ የሚቀረውን ግቢ ከሲያትል የመንግሥት ትምህርት ቤቶች ለሚመጡ ተማሪዎች ከፈተ። ፕሮግራሙ ሊፕ ይባላል፤ ዛሬም አለ። ወደ ዘጠነኛ ክፍል የሚያልፉ ልጆች በክረምቱ ያለ ክፍያ ይማሩበታል። ስለ ሌክሳይድ በየጋዜጣው ሲጻፍ ይህ አይጠቀስም ማለት ይቻላል፤ ምክንያቱም ከዚያ ሦስት ዓመት ቆይቶ የመጣው ነገር ሁሉን ሸፈነው። እኔ ግን በቅደም ተከተሉ ነው የማስቀምጠው። በሩ ትንሽ ገርበብ ያለው ማሽኑ ከመግባቱ በፊት ነው።

አሁን ወደ ማሽኑ። በ1968 ኮምፒውተር ማለት ክፍል የሚሞላ፣ ዋጋው የትም የማይደረስ ነገር ነበር። ዩኒቨርሲቲ፣ ባንክ፣ ቦይንግ፣ የጦር ኃይል ካልሆነ ማንም የለውም። ስለዚህ ኩባንያዎች አንድ ዘዴ ፈጠሩ፤ ትልቁን ማሽን አንድ ቦታ አስቀምጠው ብዙ ሰው በስልክ መስመር እየተገናኘ ሰዓቱን እንዲከራይ አደረጉ። ተከራዩ የሚያስፈልገው ቴሌታይፕ ብቻ ነው። ቴሌታይፕ ከባድ የጽሕፈት መኪና በሉት፤ የጻፋችሁትን በስልክ ይልካል፣ መልሱንም በወረቀት ጥቅል ላይ እያንቋቋ ይጽፋል። ስክሪን የሚባል ነገር የለውም። ፍጥነቱ በሰከንድ 10 ፊደል ነው። የሚብሰው ግን ሒሳቡ ነው፤ ከተገናኛችሁበት ደቂቃ ጀምሮ እንደ ታክሲ ሜትር ይቆጥራል። ስለዚህ ተጠቃሚው ፕሮግራሙን መስመር ሳይከፍት በጥብጣብ ወረቀት ላይ በቀዳዳ ይበሳል፤ ከዚያ ይደውላል፣ ጥብጣቡን በአንድ ጊዜ ያስነብባል፣ ውጤቱን አይቶ ቶሎ ይዘጋል። እያንዳንዷን ደቂቃ መቆጠብ ግዴታ ነበር።

ይህን ወደ ትምህርት ቤት እናምጣ ያሉት ቢል ዱጋል የሚባሉ የሒሳብ መምህር ናቸው። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት የባሕር ኃይል አብራሪ ነበሩ፣ ቦይንግም ሠርተዋል። ሐሳቡ መጣ፤ ገንዘቡስ? ሌክሳይድ የእናቶች ክበብ ነበረው። እነዚህ እናቶች ያገለገለ ልብስና የቤት ዕቃ ከየቤቱ እየሰበሰቡ ባዛር ያዘጋጁ ነበር፤ እኛ ሰልባጅ የምንለውን ማለቴ ነው። ከዚያ የተገኘ 3,000 ዶላር ገደማ ለቴሌታይፑና ለኮምፒውተር ሰዓት ኪራይ ዋለ።

ልብ በሉ፤ ከባለሀብት የተሰጠ ልዩ ስጦታ አልነበረም። ከመንግሥትም ከኩባንያም አልመጣም። ሀብታም ሰፈር የሚኖሩ እናቶች መሆናቸው እውነት ነው፤ ባዛራቸውም ጥሩ ዕቃ ሳይኖረው አይቀርም። ቢሆንም ገንዘቡ የተገኘው አሮጌ ኮት አጥፎ፣ ዋጋ ለጥፎ፣ ቆሞ በመሸጥ ነው። 3,000 ዶላር ደግሞ በዘመኑ ትንሽ ገንዘብ አልነበረም፤ በአዲስ የስፖርት መለያ ወይም በቤተ መጻሕፍት ወንበር ቢያጠፉት ማንም አይወቅሳቸውም ነበር። ማንም በውል ለማያውቀው ማሽን አዋሉት። እኔ ቢል ጌትስን ከማድነቄ በፊት እነርሱን አደንቃለሁ።

አንድ ነገር ግን ልጨምር። እነዚህ እናቶች የገዙትን ማሽን የራሳቸው ሴቶች ልጆች ሊነኩት አይችሉም ነበር። በ1968 ሌክሳይድ ሴት አይቀበልም። ወንድሟ ስለ አዲሱ መጫወቻ እራት ላይ ሲያወራ የምትሰማ ስንት ልጅ ነበረች? ከእነርሱ መካከል ከቢል የበለጠች አልነበረችም ብሎ የሚምል ካለ እጁን ያውጣ።

ቴሌታይፑ ሲገባ ቢል ጌትስ ስምንተኛ ክፍል ጀማሪ፣ የ13 ዓመት ልጅ መሆኑ ነው፤ ፖል አለን ሁለት ክፍል ይበልጠዋል። የፖል አባት በዋሽንግተን ዩኒቨርሲቲ ቤተ መጻሕፍት በኃላፊነት የሚሠሩ ሰው ነበሩ። ከእነዚህ ጋር ኬንት ኢቫንስና ሪክ ዋይላንድ የሚባሉ ነበሩ። ልጆቹ ቤዚክ በሚባል የኮምፒውተር ቋንቋ ፕሮግራም መጻፍ ጀመሩ፤ የቢል የመጀመሪያ ፕሮግራም ከማሽኑ ጋር ኤክስና ዜሮ የሚጫወቱበት ነበር። የኪራይ ገንዘቡን ግን እንደ ውሃ ጠጡት። እናቶቹ ዓመቱን ሙሉ ያዘልቃል ያሉት ቶሎ አለቀ።

መምህራኑ እዚህ ላይ ያደረጉት፣ ወይም ያላደረጉት፣ ነገር አለ። ልጆቹ ከእነርሱ ቀድመው ሄዱ። እኛ ባደግንበት ሥርዓት መምህሩ የማያውቀውን ነገር ተማሪው ሲያውቅ ምን እንደሚከተል ታውቃላችሁ። "ቁጭ በል!" ነው። እንደ ዱጋልና የሥራ ባልደረባቸው ፍሬድ ራይት ያሉት ግን ክፍሉን ለልጆቹ ተዉላቸው። ቢል ጌትስ ራሱ በ2005 ወደ ሌክሳይድ ተመልሶ ባደረገው ንግግር፣ ሌክሳይድ ባይኖር ማይክሮሶፍት አይኖርም ነበር ብሏል። ሰው ይህን ሲሰማ ማሽኑን ያስባል። እኔ የሚታየኝ ግን ከተማሪያቸው ማነሳቸውን ታግሠው ከመንገድ ገለል ያሉት መምህራን ናቸው።

ወደ ደቡብ ልውሰዳችሁ። በዚያው ዓመት፣ በ1968 መጋቢት 29፣ ፍራንክሊን ሃይስኩል ውስጥ ሌላ ታሪክ እየተሠራ ነበር። አዎ፣ ያ ሬኒየር አቬኑ አጠገብ የምታውቁት፣ የአንዳንዶቻችሁም ልጆች የተማሩበት ፍራንክሊን። ሁለት ጥቁር ሴት ተማሪዎች ጸጉራቸውን አፍሮ አድርገው ስለመጡ ወደ ቤት እንዲመለሱ ተደርገው ነበር። ከዋሽንግተን ዩኒቨርሲቲ የመጡ ጥቁር ተማሪዎችና የፍራንክሊን ልጆች የርዕሰ መምህሩን ቢሮ ይዘው ተቀመጡ። የጥቁሮች ታሪክ ይሰጠን፣ ጥቁር መምህራንና አስተዳዳሪዎች ይቀጠሩ አሉ። ከመሪዎቹ አንዱ ላሪ ጎሴት ነበሩ፤ በዚህ ምክንያት ከታሰሩት አንዱ ናቸው፤ በኋላ በኪንግ ካውንቲ ምክር ቤት ለረጅም ዓመታት አገልግለዋል።

ሁለቱን ጎን ለጎን አስቀምጧቸው። አንድ ከተማ፣ አንድ ዓመት። በሰሜን ጫፍ የ13 ዓመት ልጅ ማሽን ተሰጥቶት እንዳሻህ ሁን ይባላል፤ በደቡብ ያለችው የጸጉሯ ነገር ከክፍል ያስወጣታል። ይህን የምለው ሌክሳይድን ለመክሰስ አይደለም፤ ፍራንክሊንን ያዘዘው ሌክሳይድ አይደለም። ነገር ግን ስለ ትምህርት ቤት ጥራት ስናወራ ልጅን ማመን ምን ያህል ውድ ዕቃ እንደሆነ ማየት አለብን። ከቴሌታይፑ ይልቅ የጎደለው እርሱ ነበር።

ወደ ልጆቹ ልመለስ። የኪራይ ገንዘቡ ሲያልቅ ዕድል ሌላ በር ከፈተ። ሲያትል ውስጥ ኮምፒውተር ሴንተር ኮርፖሬሽን የሚባል አዲስ ኩባንያ ተቋቁሞ ነበር፤ ከመሥራቾቹ አንዷ ልጇን ሌክሳይድ የምታስተምር እናት ነበረች። አሁንም እናት! ኩባንያው ፒዲፒ 10 የሚባል ትልቅ ማሽን አስገብቷል፤ ከሻጩ ጋር የነበረው ውል ደግሞ በማሽኑ ሥርዓት ላይ ስህተት እስከተገኘ ድረስ ክፍያው ይዘገያል የሚል ነበር። እንግዲህ ስህተት የሚያገኝ ሰው ይፈለጋል። ከወንዶች ልጆች የበለጠ ነገር የሚሰብር ማን አለ? የሌክሳይድ ልጆች ከትምህርት በኋላና ቅዳሜ እየመጡ ማሽኑን እንደልባቸው ይጠቀሙ፣ ሲሰበርባቸው እንዴት እንደሰበሩት ይጻፉ ተባለ። ቢልና ፖል ማታ ማታ የኩባንያውን ቆሻሻ ገንዳ እየፈተሹ መሐንዲሶች የጣሉትን የፕሮግራም ወረቀት ያወጡ ነበር፤ ፖል ያነሣዋል፣ ቀጭኑ ቢል ውስጥ ይገባል። የቡና አተላ የነካውን ወረቀት ይዘው ወደ ቤት ነው። በሒሳብ መዝገቡ ገብተው ነፃ ሰዓት ሲፈልጉ ተይዘው ለወራት ታግደዋልም። ኩባንያው በ1970 ከሰረ፤ ልጆቹ ግን በዩኒቨርሲቲ ተማሪ እንኳ ያልተገኘ የልምምድ ሰዓት ይዘው ወጡ።

በ1969 ሌክሳይድ አዲስ ርዕሰ መምህር አገኘ፤ ዳን ኤሮልት። አንድ ቦታ ወደ ራሳችን ካላንደር እመለሳለሁ ያልኳችሁ እዚህ ነው። እኚህ ሰው ቀዛፊ ነበሩ። በ1956 ሜልቦርን ኦሎምፒክ ላይ በጀልባ ቀዘፋ ወርቅ አገኙ፤ አገራችን ለመጀመሪያ ጊዜ የተካፈለችበት ኦሎምፒክ ነው። በ1960 ሮም ላይ ደግሞ ከሦስት የሲያትል ጓደኞቻቸው ጋር በአልባኖ ሐይቅ ሁለተኛውን ወርቅ ወሰዱ። ከዚያ ሳምንት በኋላ ጳጉሜን 5 ቀን 1952፣ የዘመን መለወጫ ዋዜማ፣ አበበ ቢቂላ በባዶ እግሩ ሮምን አቋርጦ ሮጠ። እንግዲህ የሌክሳይድ ርዕሰ መምህርና የእኛ አበበ የአንድ ኦሎምፒክ ወርቅ ባለቤቶች ናቸው። ከትምህርት ቤቱ ታሪክ ጋር ግንኙነት የለውም ትሉኝ ይሆናል፤ የለውም። ግን ሳልነግራችሁ ብሄድ አይሆንልኝም ነበር።

ኤሮልት እስከ 1990 እስከ ሞቱበት ድረስ መርተውታል። ዛሬ የምናየው ሌክሳይድ በአብዛኛው የእርሳቸው ዘመን ነው፤ የኮትና ክራባቱ ሥርዓት ላልቶ፣ ትምህርት ቤቱ ወደ ከተማው ፊቱን ያዞረበት። ትልቁ ለውጥ በ1971 መጣ። ሲያትል ውስጥ ቅዱስ ኒኮላስ የሚባል በ1910 የተቋቋመ የሴቶች ትምህርት ቤት ነበር። ከሌክሳይድ ጋር ተዋሐደ። በወረቀት ላይ ውህደት ይባል እንጂ ግቢውም ስሙም የሌክሳይድ ሆኖ ነው የቀረው። የቅዱስ ኒኮላስ ተመራቂዎች ምን እንደተሰማቸው መገመት አያስቸግርም፤ የስድሳ ዓመት ታሪክ ያለው ትምህርት ቤታቸው ስሙ ጠፋ። ቢሆንም ከዚያ ዓመት ጀምሮ ሴት ልጅ ወደዚያ ማሽን መቅረብ ቻለች።

ውህደቱ ማንም ያላሰበውን ችግር አመጣ፤ የክፍለ ጊዜ ድልድል። ሁለት ትምህርት ቤት ሲደባለቅ የማን ተማሪ የትኛውን ክፍል በስንት ሰዓት ይማር የሚለው በእጅ የማይፈታ ቋጠሮ ሆነ። ሥራውን የያዙት መምህር በአውሮፕላን አደጋ ሞቱ። ትምህርት ቤቱም ለቢል ጌትስና ለኬንት ኢቫንስ ሰጣቸው። ለተማሪ! የትምህርት ቤቱን ሙሉ ፕሮግራም! ሁለቱ ሌሊቱን እየሠሩ ሳሉ ኬንት በ1972 ግንቦት ተራራ ሲወጣ ወድቆ ሞተ። 17 ዓመቱ ነበር። የቢል የቅርብ ጓደኛው እርሱ ነበር፤ ፖል አይደለም። ቢል ለፖል ስልክ ደወለ፤ ፖል በዚያን ጊዜ ኮሌጅ ገብቶ ነበር፣ ለክረምቱ ወደ ሲያትል መጣ፤ ሥራውን አብረው ጨረሱት። በመስከረም ትምህርት ቤቱ በእነርሱ ድልድል ተከፈተ። ቢል ሴቶች የበዙበት ክፍል ውስጥ ራሱን እንደመደበ በኋላ ሲናገር ይስቃል።

እኔን የሚገርመኝ ግን የቢልና የፖል ሽርክና እንዴት እንደጠበቀ ነው። ኮምፒውተሩ ብቻ አላጠበቀውም። የሴቶች ትምህርት ቤት መዋሐድና የአንድ ልጅ ሞት በመካከል አሉ። ዛሬ በግቢው ውስጥ በሁለቱ ስም የተሠራ የሒሳብና የሳይንስ ሕንፃ አለ፤ በውስጡ ያለው አዳራሽ የኬንት ኢቫንስ ነው።

የቀረውን ታውቁታላችሁ፤ ማይክሮሶፍት በ1975 ኒው ሜክሲኮ ውስጥ ተመሠረተ፣ በ1979 ወደዚህ መጣ፣ ከተማዋን ቀየረ። ከመካከላችን እዚያ የሚሠራ አለ፤ በዚያ ምክንያት የቤት ኪራይ ያንገበገበውም አለ። አንዳንዱ ሁለቱንም ነው።

አሁን ወደ እኛ ጉዳይ። የዛሬው ሌክሳይድ ከ5ኛ እስከ 12ኛ ክፍል ያስተምራል። የዓመት ክፍያው ከ40,000 ዶላር በላይ ነው። ይህን ቁጥር የሰማ ወላጅ አብዛኛውን ጊዜ እዚያው ወሬውን ይዘጋል። አትዝጉት። ከተማሪዎቹ ሲሶ ያህሉ የክፍያ ድጋፍ ያገኛሉ፤ ድጋፉ የሚሰላው በልጁ ውጤት ሳይሆን በቤተሰቡ ገቢ ነው። ሁለት ልጅ ይዞ አየር ማረፊያ ታክሲ የሚነዳ አባት የሚከፍለውና ሐኪም የሆነ አባት የሚከፍለው አንድ አይደለም። ሌላም መንገድ አለ። ሬኒየር ስኮላርስ የሚባለው ድርጅት በ2000 ተቋቁሞ፣ ገቢያቸው ዝቅተኛ ከሆነ ቤተሰቦች የሚመጡ ጥቁርና ሌሎች ነጭ ያልሆኑ ልጆችን ከአምስተኛ ክፍል ጀምሮ ይዞ፣ ከዓመት በላይ በክረምትና ከትምህርት ሰዓት ውጭ አጥብቆ ያስተምራል፤ ከዚያ እንደ ሌክሳይድ ወዳሉ ትምህርት ቤቶች ወይም ወደ ጠንካራ የመንግሥት ክፍሎች ያስገባል፣ እስከ ኮሌጅ ምረቃም አይለቅም። ነገር ግን ልጁ ስምንተኛ ክፍል ከደረሰ በኋላ ብትሄዱ ጊዜው አልፏል። ለስምንተኛ ክፍሉ ልጅ ደግሞ ያ በ1965 የተከፈተው የክረምት በር፣ ሊፕ፣ አለ። በ2018ም ሌክሳይድ ዳውንታውን ስኩል የሚባል፣ ክፍያው ዝቅ ያለ፣ ከተማውን ራሱን እንደ መማሪያ ክፍል የሚጠቀም ትንሽ ሃይስኩል መሃል ከተማ ከፍቷል።

ርቀቱም የድሮው አይደለም። ቀላሉ ባቡር በ2024 ወደ ሰሜን ስለተዘረጋ በደቡብ ሲያትል ካለው ኦቴሎ ጣቢያ የተሳፈረ ልጅ ሳይቀይር ሾርላይን ሳውዝ ጣቢያ ይደርሳል፤ ከዚያ ትምህርት ቤቱ ቅርብ ነው።

ሁላችሁም ልጆቻችሁን እዚያ አስገቡ እያልኩ አይደለም። ቦታው ጥቂት ነው፤ ብዙ ልጅ አመልክቶ ይመለሳል፣ ያም ልጁ ጎበዝ አይደለም ማለት አይደለም። የገባውም ልጅ የሚከፍለው ነገር አለ። በበረዶ ሸርተቴ የዕረፍት ጊዜያቸውን ከሚያሳልፉ ልጆች አጠገብ ተቀምጦ "አንተስ የት ሄድክ?" ሲባል፣ ቤተ ክርስቲያን ወይም መስጊድ ማለት አንዳንዱን ያሸማቅቀዋል። ቤት ሲመጣ ደግሞ አማርኛው ይሳሳል። እነዚህን ከጉብኝት ቀን ፈገግታ ጀርባ አስቀምጣችሁ እዩ። ስትጎበኙም ሕንፃውን አትጠይቁ፤ ሕንፃው ያማረ ነው። የማያውቀውን ነገር ተማሪ ሲያሳየው መምህሩ ምን እንደሚያደርግ ጠይቁ። ከእኛ ሰፈር የመጣ ልጅ በሁለተኛው ዓመት የት እንደሚቀመጥ፣ ከማን ጋር ምሳ እንደሚበላ ጠይቁ። የክፍያ ድጋፉ መጽሐፉን፣ ኮምፒውተሩን፣ ከአገር ውጭ የሚደረገውን ጉዞ ይሸፍን እንደሆነ ጠይቁ፤ አንዱ ቤት ይሸፍናል፣ ሌላው አይሸፍንም።

ልጁ በመንግሥት ትምህርት ቤት ለሚቀጥል ወላጅ ደግሞ፣ ማለትም ለአብዛኞቻችን፣ እነዚያ እናቶች አሉ። ክሊቭላንድም ሆነ ፍራንክሊን፣ ሬኒየር ቢችም ሆነ ጋርፊልድ፣ የወላጅ ማኅበር አለው። ስብሰባው ላይ የእኛ ሰው ብዙ ጊዜ አይታይም፤ ሥራ ፈረቃ ነው፣ እንግሊዝኛው ያሳፍራል፣ መኪናው አይመችም፤ አውቃለሁ። ግን ገንዘቡ የሮቦት ክበብ ይሁን ወይስ የኳስ ሜዳ አጥር የሚወሰነው እዚያ ክፍል ውስጥ በተገኙት ሰባት ስምንት ሰዎች ነው። አንዲት ሰው ብትጨመር ብዙ ነው።

ስለ ማመልከቻው ቅጽ፣ ስለ ፈተናውና የክፍያ ድጋፉ ወረቀት ከእኔ ይልቅ ከእኔ ቀጥላ የምትናገረው እህታችን ታውቃለች፤ ሁለት ልጆቿን በዚህ መንገድ አሳልፋለች። የግብር ተመላሽ ወረቀታችሁን ከማውጣታችሁ በፊት የምታነቡት ዝርዝር በእጇ ይዛለች፤ እርሷ ላይ ጥያቄ አብዙባት። መድረኩን ለእርሷ ለቅቄያለሁ። አመሰግናለሁ።